አሳቢነት፥ ምግባረ ሠናይና ጎሜ ፤ የኔል ኖዲንግስና የማይክል ስሎት ትምህርት በጋሞ ደጋ ሲመዘን

ኔል ኖዲንግስ የተባሉት አሜሪካዊት ፈላስፋ ስለ አሳቢነት የጻፉትን ዋና መጽሐፋቸውን ያሳተሙት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1984 ነው። በዚያው ዓመት በጥቅምት ወር፥ ማለት በ1977 ዓ.ም. መግቢያ ላይ፥ በኮረም የተሰበሰበው ረኃብተኛ ሕዝብ በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታይቶ የወሎና የትግራይ መከራ በዓለም ሁሉ ተሰማ። ሁለቱ ነገሮች በአንድ ዓመት መግጠማቸው አጋጣሚ ነው፤ መጽሐፉ ሥዕሉ ከመታየቱ አስቀድሞ ተጽፎ ያለቀ ነበር። ዳሩ ግን ከመጽሐፉ ሐሳቦች ሁሉ ብዙ ነቀፌታ ያስከተለው፥ ደራሲዋ በአፍሪካ ለሚራቡ ሕፃናት የአሳቢነት ግዴታ እንደሌለባቸው የገለጡበት ክፍል ስለ ሆነ፥ ኢትዮጵያዊ አንባቢ ይህን ሥራ ሲያነብ ዓመቱን ሳያስታውስ ሊያልፍ አይችልም።

ምክንያታቸው ግን ከጭካኔ የመጣ አይደለም። እርሳቸው እንደሚያስተምሩት አሳቢነት በአንድ ወገን ፈቃድ ብቻ አይፈጸምም። አሳቢው የራሱን ጉዳይ ለጊዜው ወደ ጎን አድርጎ የሌላውን ችግር በልቡ ያስገባል፤ ከዚያም ኃይሉ ሁሉ ወደዚያ ሰው ጉዳይ ያደላል፤ በመጨረሻም የሚታሰብለት ሰው የተደረገለትን አውቆ በአንድ መንገድ ሲመልስ፥ ሕፃን በፈገግታው፥ ተማሪ በትጋቱ፥ ግንኙነቱ ይፈጸማል። ከባሕር ማዶ ላለና ፊቱ ለማይታይ ልጅ ገንዘብ መላክ መልካም ሥራ ሊሆን ይችላል፤ ነገር ግን በዚህ አነጋገር ነገሩ ሳይፈጸም ይቀራል፤ ለመፈጸም ቢሞከር ደግሞ በቤት ያሉት ይተዋሉ። ኖዲንግስ በ2022 ከዚህ ዓለም እስከ ተለዩ ድረስ በትምህርትና በፍልስፍና የኖሩ፥ አስቀድሞ በትምህርት ቤት የሒሳብ መምህርት የነበሩ፥ አሥር ልጆች ያሳደጉ ሴት ናቸው፤ መጽሐፋቸውም በየገጹ የቤትና የክፍል ሽታ አለው። ጥንካሬውም ድካሙም ከዚያው ይመነጫል።

በአማርኛ ለዚህ ትምህርት አንድ ቃል ማግኘት ያስቸግራል። «እንክብካቤ» ቢባል ሥራውን ይነግራል፥ ልቡናውን ግን ይተወዋል፤ «ርኅራኄ» ቢባል ልቡናውን ይነግራል፥ ሥራውን ይተወዋል። «አሳቢነት» ሁለቱንም በመጠኑ ስለሚይዝ እዚህ ተመርጧል። እውነቱን ለመናገር አማርኛ ይህን ነገር በአንድ ስም ጠቅልሎ ከመጥራት ይልቅ በየዝምድናው እየለየ መጥራትን ይወዳል፤ በሽተኛን ያስታምሙታል፥ ያረጀ ወላጅን ይጦሩታል፥ አራስን ይጠይቋታል፥ ሐዘንተኛን ያስተዛዝኑታል፥ የሞተውን ይቀብሩታል። «ጧሪ ቀባሪ የለውም» ሲባል የሚያዝንለት ሰው ጠፍቷል ማለት አይደለም፤ የሚያዝንለትስ ብዙ ሊኖር ይችላል፤ የጐደለው ያን ሥራ ሊሠራለት የሚገባው፥ ቦታውን የያዘ ሰው ነው። ከስሜት ይልቅ ቦታን የሚያስቀድመው ይህ አነጋገር በኋላ የሚመጣውን ነገር ለመረዳት ይጠቅማል።

ማይክል ስሎት በማያሚ ዩኒቨርሲቲ ያስተማሩ ፈላስፋ ናቸው። በ2001 እና በ2007 ባሳተሟቸው ሁለት መጻሕፍት አሳቢነትን ከአርስጣጣሊስ ወዲህ ከሚታወቀው የምግባረ ሠናይ ትምህርት ጋር ለማዋሐድ ደክመዋል። ለእርሳቸው አሳቢነት የሰው የውስጥ ጠባይ ነው፤ ሥሩም የሌላውን ስሜት የመካፈል ችሎታ ነው፤ ይህ ችሎታ በወላጆች ተግሣጽ ከሕፃንነት ጀምሮ እየበሰለ ይሄዳል። ስለዚህ አንድ ሥራ ስሕተት የሚሆነው ይህ ችሎታ ሙሉ ሆኖ ያደገለት ሰው ሊያሳየው የማይችለውን ግዴለሽነት ሲገልጥ ነው። በሩቅ ላለው ሰው ከቅርቡ ያነሰ ቢታሰብለትም ጭራሽ ሊዘነጋ አይገባም፤ በዚህም ኖዲንግስን ያርማሉ። ፒተር ሲንገር በ1972 ስለ ቤንጋል ችግረኞች በጻፉት ዝነኛ ጽሑፍ፥ በኩሬ ውስጥ የሚሰጥመውን ሕፃን ማዳንና በሩቅ አገር የሚራበውን ማዳን አንድ ግዴታ ነው ብለው ስለ ነበር፥ ስሎት ከሁለቱ መካከል ቆመዋል ማለት ይቻላል። ኖዲንግስ በበኩላቸው ከምግባረ ሠናይ መምህራን ጋር መቈጠርን አልወደዱም። ልቡ በርኅራኄ የተሞላ ሆኖ ርኅራኄው ወደ ሌላው ሰው የማይደርስ አሳቢ ለእርሳቸው ገና አሳቢ አልተባለም። በ2002 በጻፉት መጽሐፍ ግን ለሩቁ ሰው መጨነቅ የፍትሕ መሠረት እንደሚሆን ተቀብለው የቀድሞ ቃላቸውን አለዝበውታል።

እንግዲህ ክርክሩ ይህ ነው፤ አሳቢነት የሰው ጠባይ ነውን፥ ወይስ በሰዎች መካከል ያለ ግንኙነት? ሁለቱም ወገኖች ምሳሌ የሚያመጡት በአብዛኛው ከአሜሪካ ቤተ ሰብ ወይም ከፈጠራ ነው። የጋሞ ደጋ ግን ጥያቄውን በአንድ ሕዝብ ኑሮና በዐደባባይ በታየ ሥራ ላይ እንዲመረመር ያደርገዋል።

የጋሞ ደጋ ከአባያና ከጫሞ ሐይቆች በስተ ምዕራብ ይነሣል፤ አርባ ምንጭ በግርጌው ስትሆን ጨንቻ፥ ዶርዜና ዶኮ ከከፍታው ላይ ናቸው፤ የጉጌም ተራራ ከ4,000 ሜትር ያልፋል። ሕዝቡ እንሰትና ገብስ ያመርታል፤ ሸማኔነቱ እስከ አዲስ አበባ ሽሮ ሜዳ ይታወቃል። ቀድሞ አገሩ «ዴሬ» በሚባሉ አርባ ያህል ትንንሽ አገሮች የተከፈለ ነበር፤ እያንዳንዱ ዴሬ መሥዋዕት የሚያቀርብ ካዎ፥ «ዱቡሻ» የሚባል ዐደባባይና በዚያ የሚሰበሰብ ሸንጎ ነበረው። ይህ ሸንጎ የብዙ ሊቃውንትን ዐይን ስቧል፤ ፈረንሳዊው ማርክ አቤሌስ በ1983 ያሳተሙት መጽሐፍ በሙሉ ስለ ኦቾሎ ዐደባባዮች ነው። ዴና ፍሪማን ደግሞ በ2002 ስለ ዶኮ ባሳተሙት መጽሐፍ የመሥዋዕቱ ሥርዓት ረግቶ ሲኖር የሹመቱ ሥርዓት እንዴት እየተለዋወጠ እንደ መጣ አስረድተዋል።

የዚህ ሁሉ ማሰሪያ ጎሜ ነው። ጎሜን «ክልክል» ወይም «ነውር» ብሎ መተርጐም ግማሹን መተው ነው፤ ቃሉ የተጣሰውን ሕግም፥ መጣሱንም፥ ከመጣሱ የሚከተለውንም መከራ በአንድነት ይይዛልና። ታናሽ ከባይራው፥ ማለት ከታላቁ፥ ቀድሞ ቢዘራ ጎሜ ነው። ደም ቢፈስና ዕርቅ ሳይደረግ ቢቀር ጎሜ ነው። ልጅ ታሞ ወይም ላም መክና ሲገኝ ቤተ ሰቡ ወደ ዐዋቂ ሄዶ የማን ጎሜ እንደ ሆነ ይጠይቃል፤ ጥፋተኛው ተገኝቶ በሰው ፊት ሲናዘዝና ሥርዓቱ ሲፈጸም ነገሩ ይስተካከላል።

አስተውሎ ለሚመረምር እዚህ ላይ ለፈላስፎቹ ክርክር የሚሆን ትልቅ ነገር አለ። በጎሜ ሥርዓት የጥፋቱ ዋጋ የሚወድቀው በጥፋተኛው ላይ ብቻ አይደለም፤ ምንም ያላደረገ ልጅ፥ የወንድም ከብት፥ የጎረቤት እርሻ ሊመታ ይችላል። ጥፋተኛው ክፉ ልብ ኑሮት ነው ወይስ ሳያውቅ ነው የሚለው ጥያቄ ዋና ቦታ የለውም። መድኃኒቱም የልብ መታረም ብቻ አይበቃውም፤ የተበጠሰው ግንኙነት በሰው ፊት ካልተቀጠለ መከራው አይነሣም። በዚህ ረገድ ጎሜ ለኖዲንግስ ይመሰክራል፤ ደግነትና ክፋት የሚኖሩት በሰዎች መካከል ነው። ስሎት ሁሉን ነገር ወደ ልብ አሳብ ስለሚመልሱ ጎሜን እንደ አጉል እምነት ከማለፍ በቀር ቦታ ሊሰጡት አይችሉም።

ይሁንና ኖዲንግስ ፈጽሞ ያላሰቡት አንድ ነገር አለ፤ እርሱም ሹመት ነው። በዴሬው ሃላቃ የሚባል ሹም ነበረ። ስሙ «አለቃ» ከሚለው ቃል ጋር ስለሚመሳሰል የአማርኛ አንባቢ እንዳይሳሳት ይገባል፤ ሃላቃ አዛዥ አይደለም። የሚመረጠው በሸንጎ ነው፤ ብዙ ጊዜም ሳይወድ ነው፤ ለሹመቱ ድግስ መደገስ አለበትና ያፈራውን ሀብት ለሕዝቡ ያበላዋል። በሹመቱ ዘመን ብዙ ክልከላ ይጠብቃል፤ የአገሩ ጤናና የእርሻው በረከት በእርሱ ጥንቃቄ ላይ እንደ ተንጠለጠለ ይታሰባል። እንግዲህ ይህ ሰው ለአገሩ አሳቢ ነው ወይስ አይደለም? እንደ ኖዲንግስ መስፈርት ለመናገር የእያንዳንዱን ጎረቤት ችግር በልቡ ማስገባቱን፥ ጎረቤቱም ይህን ማወቁን መጠየቅ ያሻል። እንደ ስሎት መስፈርት ደግሞ ስሜት የመካፈል ችሎታው ምን ያህል እንደ በሰለ መለካት ያሻል። ዶኮ ወይም ኦቾሎ ግን የሚጠይቀው ክልከላውን መጠበቁንና ድግሱን መደገሱን ነው። አሳቢነት እዚህ እንደ ሸክም ከትከሻ ወደ ትከሻ ይተላለፋል፤ ለጋስ የሆነም ንፉግ የሆነም ተራው ሲደርስ ይሸከመዋል። አርስጣጣሊስ በሥራ ብዛት ጠባይ ይፈጠራል ብሎ ስላስተማረ፥ የምግባረ ሠናይ ወገን ከስሎት ይልቅ ወደ ጥንቱ መምህር ቢመለስ ኑሮ ለሃላቃ የተሻለ ቦታ ባገኘለት ነበር።

በመስከረም 2011 ዓ.ም. የሆነው ነገር ይህን ሁሉ በአንድ ቀን ፈትኖታል። ከመስከረም 4 ቀን ጀምሮ በቡራዩና በአካባቢዋ በተነሣው ግፍ ብዙ ሰዎች ተገደሉ፥ ሺሆችም ቤታቸውን ጥለው ተሰደዱ፤ ከተጐዱት ብዙዎቹ ኑሯቸውን በሽመና የመሠረቱ የጋሞ ተወላጆች ነበሩ። ወሬው አርባ ምንጭ ሲደርስ ወጣቱ በቍጣ ወጣ፤ በከተማይቱ ወደሚገኘው የኦሮሞ ተወላጆች ንብረትም ለበቀል አመራ። የጋሞ ሽማግሌዎች እርጥብ ሣር በእጃቸው ይዘው በመንገዱ ላይ ተንበረከኩ። ወጣቶቹም ተመለሱ። ሥዕሉ በአገሩ ሁሉ ታየ፤ ሽማግሌዎቹም ብዙ ተመሰገኑ።

ምስጋናው ተገቢ ነው፤ የምስጋናው ቃል ግን ምርመራ ይፈልጋል። በጋዜጣና በሬዲዮ የተነገረው በአብዛኛው ስለ ሽማግሌዎቹ ደግነት፥ ትሕትናና ጥበብ ነበር፤ ይኸውም ሳይታወቅ የስሎትን መንገድ መከተል ነው። ሽማግሌዎቹ ደጋግ ሰዎች መሆናቸውን ማንም አይክድም። ነገር ግን እርጥብ ሣር ይዞ መንበርከክ በዚያ ቀን የተፈጠረ ብልኃት አይደለም፤ በጋሞ የጠብ ማብረጃ ሥርዓት የታወቀ ምልክት ነው፤ ሣር ይዞ የተንበረከከን ሽማግሌ አልፎ መሄድም ጎሜ ነው። በነገራችን ላይ እርጥብ ሣር በኦሮሞ ዘንድም የሰላምና የምርቃት ምልክት ስለ ሆነ፥ ሊጠቁ የነበሩት ሰዎች ያን ምልክት ያለ አስተርጓሚ ሊያነቡት የሚችሉት ነበር፤ ይህን ያነሣ ጋዜጣ ጥቂት ነው።

የስሜት መካፈል ትምህርት በዚህ ቦታ ከባድ ፈተና ይገጥመዋል። ወጣቶቹን ወደ አደባባይ ያወጣቸው ምን ነበር? የወገኖቻቸውን ሞትና ስደት እንደ ራሳቸው አድርገው መሰማታቸው ነው። ስሜት የመካፈል ችሎታ አልጐደላቸውም፤ ይልቁንም ሞልቶ ፈስሶባቸው ነበር፤ በቀሉም ከዚያው ምንጭ ተቀዳ። ስሎት ሊመልሱ የሚችሉት፥ ችሎታው ሙሉ ሆኖ ቢያድግ ኑሮ የባለ ሱቁንም ፍርሃት ይካፈሉ ነበር ብለው ነው። እንዲህ ከሆነ ግን «ሙሉ ሆኖ ያደገ» የሚለው ቃል በውጤቱ ተመዘነ ማለት ነው፤ መልካም ያደረገ ሁሉ ሙሉ፥ ክፉ ያደረገ ሁሉ ጐደሎ ይባላል፤ ሚዛኑም ሊመዝነው ከሚገባው ነገር ክብደቱን ተበደረ። ይህ የስሎት መጻሕፍት ዋና ስንጥቅ ነው፤ በአርባ ምንጭ መንገድ ላይ ሲታይ ይሰፋል።

ኖዲንግስ በዚህ ቦታ የተሻለ መሣሪያ አላቸው። በመጽሐፋቸው አሳቢነት በዙሪያ ካሉ ወዳጆች ወደማይታወቁ ሰዎች እንደ ሰንሰለት ሊዘረጋ እንደሚችል ይናገራሉ፤ ገና ያልታየ ሰው ልጅ ሊያገባው ስለሚችል አስቀድሞ በሰንሰለቱ ውስጥ ቦታ አለው። አርባ ምንጭ ላይ የታየው ሰንሰለት ግን ከዚህ የተለየ ብረት ነው። ሽማግሌዎቹ ተንበርክከው ያደረጉት፥ የማይታወቀውን ባለ ሱቅ በራሳቸው ሰውነት መከለል ነው። እንግዳውን ሊመታ የሚሻ አስቀድሞ አባቱን ሊሻገር ይገባዋል። በዚያች ሰዓት የኦሮሞው ነጋዴ ከጋሞው ወጣት ጋር ዝምድና አገኘ፤ ዝምድናው የተገኘው ወጣቱ ስለ ወደደው አይደለም፤ በመካከላቸው የተንበረከከው ሰው የወጣቱ አባት ስለ ሆነ ነው። ቀለበቱን ያያያዘው ፍቅር ሳይሆን ሥርዓት ነው። ከዚህም በላይ፥ በኖዲንግስ ትምህርት አሳቢው የሚታሰብለትን ሰው ፈቃድ በልቡ ሊቀበል ይገባዋል፤ ሽማግሌዎቹ ግን የወጣቶቹን ፈቃድ ፊት ለፊት ተቃወሙ፤ በዚህም ለወጣቶቹ ራሳቸው አሰቡ፤ ከደም ዕዳ አዳኗቸውና። ታላቅ ከታች ሆኖ ታናሽን ሲለምን የማዕርግ ሥርዓቱ ለጊዜው ይገለበጣል፤ ወጣቱን ያስደነገጠውም ምናልባት ይኸው ነው።

እዚህ ላይ አንድ ተቃውሞ መነሣቱ አይቀርም። ዛሬ አብዛኛው የጋሞ ሕዝብ ክርስቲያን ነው፤ ከእነርሱም ብዙዎቹ የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት ምእመናን ሆነው የአባቶችን መሥዋዕትና የጎሜን ነገር የሚያወግዙ ናቸው። ታዲያ ጎሜን የማያምን ወጣት ለሣሩ ለምን ይቆማል? አላስዴር ማኪንታየር በ1981 ባሳተሙት ስለ ምግባረ ሠናይ ውድቀት በሚናገር መጽሐፋቸው ከሐዋይ አገር አንድ ታሪክ ያመጣሉ፤ ንጉሥ ካሜሃሜሃ 2ኛ በ1819 የጥንቱን ክልከላዎች ሲሽር ሕዝቡ ብዙ አልተቃወመም፤ የክልከላዎቹ ምክንያት ከልብ ጠፍቶ ቅርፊቱ ብቻ ቀርቶ ነበርና። ማኪንታየር የዘመናዊውን አውሮፓ ግብረ ገብ ከዚህ ጋር ያመሳስሉታል። ጎሜም ቅርፊት ብቻ ቀርቶለታል የሚል ሰው ግን የመስከረሙን ነገር ማስረዳት ይኖርበታል።

ዳን ስፐርበር በ1974 ያሳተሙት መጽሐፍ ለዚህ መንገድ ይጠቍማል። ስፐርበር በዶርዜ ሲኖሩ የሰሙት ዝነኛ ነገር አለ፤ ነብር ክርስቲያን ነው፥ ረቡዕና ዓርብ ይጾማል ይባላል፤ ሆኖም ይህን የሚናገረው ዶርዜ በረቡዕም በዓርብም ከብቱን ከነብር ይጠብቃል። ስፐርበር ከዚህ የደረሱበት፥ በምሳሌ የሚያዝ እውቀት እንደ ተራ እውቀት «ታምናለህን አታምንም?» ተብሎ የማይጠየቅ መሆኑን ነው። ጎሜም በከፊል እንዲህ ሊሆን ይችላል። ወጣቱ ጎሜ ያሳምማል ብሎ ባያምንም፥ የተንበረከከን ሽማግሌ መርገጥ የማይደረግ ነገር መሆኑን ገና ከእናቱ ቤት ያውቀዋል። ወጣቶቹ ጎሜን ፈርተው ተመለሱ ወይስ ሽማግሌዎቹን አፍረው የሚለውን መለየት አይቻል ይሆናል፤ ይሉኝታና ፍርሃት በአንድ ልብ ውስጥ ጎን ለጎን ይኖራሉ። የፈላስፎቹ መጻሕፍት ስለ ኀፍረት ጥቂት ብቻ መናገራቸው ግን ትልቅ ጕድለት ነው።

እስከዚህ የተባለው ጋሞን ለማመስገን የተጻፈ ቢመስል ሚዛኑ ያዘነብላል። ይኸው እንግዳን የከለለ ሥርዓት በገዛ መንደሩ ውስጥ የሚኖረውን ሰው ከደጅ ያስቀረ ሥርዓት ነው። በጋሞ ባለ ርስቱ «ማላ» ሲባል፥ ሸክላ ሠሪው «ማና»፥ ቆዳ ፋቂውና ቀጥቃጩ «ደጋላ» ይባላል። በጥንቱ ሥርዓት ማናና ደጋላ ከማላ ጋር አይጋቡም፤ በዱቡሻ ከማላ እኩል አይቀመጡም፤ ሃላቃ አይሆኑም፤ መቃብራቸውም የተለየ ነበር። ይህን ድንበር መጣስ ራሱ ጎሜ ነው። በ1967 ዓ.ም. የወጣው የመሬት ዐዋጅና ከዚያ በኋላ የመጡት ሕጎች የመሬቱንና የመብቱን ነገር ቢለውጡም፥ የጋብቻው ድንበር ከሁሉ ይልቅ ጸንቶ ቈይቷል። ዴና ፍሪማንና ዓለሙ ሳይሆኑ አሉላ ፓንክኸርስት በ2003 ያዘጋጁት የጥናት ስብስብ ይህ መገለል በጋሞ ብቻ ሳይወሰን በኢትዮጵያ በብዙ ሕዝቦች ዘንድ እንዳለ አሳይቷል፤ በሰሜንም ቀጥቃጩና ሸክላ ሠሪዋ «ቡዳ» ሲባሉ የኖሩ ስለ ሆነ የደጋው አማራ በጋሞ ላይ ጣቱን ሊቀስር አይችልም።

ጆአን ትሮንቶ በ1993 ያሳተሙት መጽሐፍ ከኖዲንግስም ከስሎትም ይልቅ እዚህ ይጠቅማል። ትሮንቶ የጠየቁት ቀላል ጥያቄ ነው፤ የአሳቢነትን ሥራ የሚሠራው ማን ነው፥ ክብሩንስ የሚወስደው ማን ነው? በየአገሩ መመገብ፥ ማጠብ፥ ማስታመም የዝቅተኛው ዕጣ ሲሆን፥ ከበላይ ያለው ከዚህ ሥራ ነጻ መውጣቱን ሳያስተውለው ይኖራል። በጋሞ ለሃላቃው ድግስ እንሰቱን የምትፍቀው ሴት ናት፤ እንስራውንና ድስቱን የምትሠራው የማና ሴት ናት፤ የሚተኛበትን ቁርበት የሚያለፋው ደጋላ ነው። አሳቢነት እንደ ክብር ለሃላቃው፥ አሳቢነት እንደ ድካም ለእነርሱ ተከፈለ። ኖዲንግስ አሳቢነትን ከእናት ሕይወት ሲቀዱ ይህን የሥራ ክፍፍል አላመረሩበትም፤ የመጽሐፋቸው የመጀመሪያ ንኡስ ርእስ «የሴት መንገድ» የሚል ትርጉም ነበረው፤ በ2013 በወጣው የታደሰ እትም ይህ ቃል ወጥቶ «የግንኙነት መንገድ» በሚል ተተክቷል። ለውጡ የአንድ ቃል ቢሆንም የሠላሳ ዓመት ክርክር ያለበት ነው። ጁዲት ኦልምስቴድ በ1997 ስለ ጪማቴ ጩምባሎ የጻፉት መጽሐፍም ከዚህ ጋር ቢነበብ መልካም ነው፤ ከጋሞ ደጋ የወጡት እኒህ ወይዘሮ በወንዶች ሹመት ላይ ተቀምጠው አገር ያስተዳደሩ ስለ ነበሩ፥ የሴት ሥራ ማሰብ፥ የወንድ ሥራ መግዛት ነው የሚለውን ክፍፍል በራሳቸው ሕይወት ያፈርሱታል።

በረኃቡ ነገር ለኖዲንግስ የሚሰጠው መልስም ከዚሁ ይገኛል። ስሕተታቸው ቅርቡን ማስቀደማቸው አይደለም፤ ጋሞም ቅርቡን ያስቀድማል። ስሕተታቸው፥ በሁለት ሰዎች መካከል የሚቆም ሦስተኛ ሰው፥ ሹመት ያለው፥ ሥርዓት ያጠነከረው፥ ሊኖር እንደሚችል አለማሰባቸው ነው። በኩሬው ዳር ያለው ተመልካችና የሚሰጥመው ሕፃን በፈላስፎች ምሳሌ ሁልጊዜ ብቻቸውን ናቸው። በመካከላቸው የሚንበረከክ የለም።

ይህ መልስ ግን ለማናውና ለደጋላው አልበቃም፤ ለእነርሱ ማን ሣር ይዞ እንደ ተንበረከከ አይነገርም። የእነርሱን አሳብ ከራሳቸው አፍ ለመስማት ከፈላስፎቹ መጻሕፍት ወጥቶ ወደ ሌላ ሥራ መሄድ ያስፈልጋል። ካትሪን አርተር በ2018 ያሳተሙት መጽሐፍ የቦረዳ ጋሞ ቆዳ ፋቂዎች ስለሚሠሩበት የድንጋይ መፋቂያ የሚናገሩትን ይዘግባል። ለእነዚህ ሰዎች ድንጋዩ ሕይወት አለው፤ ይወለዳል፥ እንደ ሰው ይገረዛል፥ ይበስላል፥ በመጨረሻም ያርፋል፤ ስለዚህ ከተቈፈረበት ቀን እስከሚጣልበት ቀን እንደ ማዕርጉ ይጠብቁታል። ኖዲንግስ በመጽሐፋቸው ስለ ነገሮች በጻፉት ክፍል፥ ድንጋይና ዕቃ መልስ ስለማይሰጡ ለእነርሱ የሚደረገው ጥንቃቄ ከግብረ ገብ አይቈጠርም ብለው ወስነዋል። ደጋላው ቢጠየቅ፥ ድንጋዩ በአግባቡ ሳይያዝ ሲቀር በእጁ ላይ እንደሚሰበርና ይህም ራሱ መልስ እንደ ሆነ ሊናገር ይችል ይሆናል።